መልስ፦ ኤኒግማን የሰበረው ቱሪንግ ብቻ ነው?

ወንድሜ፣ «ኤኒግማን የሰበረው ቱሪንግ ብቻውን ነው? እንዴትስ ተሸነፈ?» ብለሃል። ኤኒግማ ጀርመኖች በሁለተኛው የዓለም ጦርነት መልእክታቸውን ወደ ሚስጥር ጽሑፍ የሚቀይሩበት ማሽን ነው፤ ቱሪንግ ደግሞ እንግሊዛዊ የሒሳብ ሊቅ። ብቻውን አይደለም የሰበረው፤ ፖላንዶች ቀድመዋል። የሒሳብ ሊቁ ማሪያን ሬየቭስኪ የጀርመን ጦር ማሽን ውስጥ ሽቦዎቹ እንዴት እንደተያያዙ እ.ኤ.አ. በ1932 መጨረሻ በሒሳብ ደረሰበት። ፈረንሳዮች በስለላ ያገኙት ሰነድም ረድቶታል። በጁላይ 1939 ፖላንዶቹ እንግሊዞችንና ፈረንሳዮችን ዋርሶ አጠገብ ጠርተው የሚያውቁትን ዘረገፉላቸው። ይህ ውለታ ሲረሳ፣ እውነቱን ለመናገር፣ ያናድደኛል።

ማሽኑ አንድ ትልቅ ጉድለት ነበረው። የትኛውም ፊደል ራሱን ሆኖ አይወጣም። «ኤ»ን ብትጫን ከ«ኤ» በቀር ሌላው ሁሉ ሊወጣ ይችላል። ስለዚህ የብሌችሊ ፓርክ (የእንግሊዝ የሚስጥር ጽሑፍ ፈቺዎች ማዕከል) ሰዎች መልእክቱ ውስጥ ይኖራል ብለው የገመቱትን ሐረግ፣ ለምሳሌ ከአየር ጠባይ ዘገባ፣ በሚስጥሩ ጽሑፍ ሥር ያስቀምጡታል። አንድ ፊደል እንኳ ከራሱ ጋር ከተገጣጠመ ቦታው ያ አይደለም፤ ወደ ጎን ይገፉታል። ቦታው የተገኘ ሲመስላቸው ቱሪንግ የነደፈውና ባልደረባው ዌልችማን ያሻሻለው «ቦምብ» የተባለው ማሽን የማይሆኑትን የኤኒግማ አቀማመጦች ይጥላል። የተረፉትን ሰው ይፈትሻል።

ሁሌም አልሠራም ታዲያ። በ1942 የጀርመን ሰርጓጅ መርከቦች በኤኒግማቸው ላይ ፊደል የሚቀያይር አራተኛ ጎማ ሲጨምሩ እንግሊዞች የመርከቦቹን መልእክት ማንበብ አቅቷቸው ለአሥር ወር ያህል ታውረው ከረሙ።