ጢያ፣ መልካ ቁንጡሬና የመንገድ ዳር ምግብ፦ ስለ አንድ ቀኑ ጉዞ ለጠየቃችሁኝ

ማለዳ ከአዲስ አበባ ተነስቶ የጢያን ትክል ድንጋዮች፣ ከአለት የተፈለፈለችውን የአዳዲ ማርያምን ቤተ ክርስቲያንና የጥንት ሰው ኑሮ የተቆፈረበትን መልካ ቁንጡሬን አይቶ፣ በመንገዱ ያገኙትን እየቀመሱ ማታ ቤት ስለሚገባበት ጉዞ የፈለጋችሁትን ጠይቁ ብዬ ነበር። በዚያ መስመር እንግዳ ይዞ መመላለስ እንጀራዬ ነው። ተመሳሳይ ጥያቄዎችን አንድ ላይ አድርጌያቸዋለሁ።

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ሦስት ቦታ በአንድ ቀን አይበዛም? ከየትኛው ይጀመራል?

መልስ፦ በማለዳ ለሚነሳ አይበዛም። መንገዱ አንድ ነው፤ ከአየር ጤና በዓለም ገና አድርጎ ወደ ቡታጅራ የሚወርደው። መልካ ቁንጡሬ 50 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ ነው፣ ጢያ ደግሞ ከ80 ኪሎ ሜትር አለፍ ይላል። አዳዲ ማርያም ብቻ ናት ከዋናው መንገድ 12 ኪሎ ሜትር ያህል ወደ ውስጥ የምታስገባው።

ብዙ አስጎብኚ ከቅርቡ ጀምሮ ወደ ሩቁ ይሄዳል። እኔ ቀጥ ብዬ ጢያ እወርዳለሁ። የጠዋት ፀሐይ ጋደል ብላ ስትመታው በድንጋዩ ላይ የተቀረጸው ሁሉ ጥላ አበጅቶ ጉልህ ብሎ ይታያል። ቀትር ላይ የሄደ ሰው ግን ዝርግ ድንጋይ አይቶ «ይኼ ነው እንዴ?» እያለ ይመለሳል። ከጢያ በኋላ ምሳ፣ ከዚያ አዳዲ፣ ወደ ቤት ስንመለስ መልካ ቁንጡሬ። የኦርቶዶክስ አማኝ ከሆናችሁ ግን ቀድማችሁ ንገሩኝ፤ በልቶ ቤተ ክርስቲያን መግባት የማይወድ ብዙ ሰው ስላለ አዳዲን ከምሳ በፊት አደርጋታለሁ።

ጥያቄ፦ ጢያ ላይ አስጎብኚው «የሰይፉ ብዛት ጀግናው የገደላቸው ጠላቶች ብዛት ነው» አለን። እውነት ነው? ሌሎቹ ምልክቶችስ ምንድን ናቸው?

መልስ፦ ይኼን ጥያቄ ብዙ ሰው ጠይቆኛል፣ ስለዚህ ትንሽ ረዘም አደርገዋለሁ።

ጢያ ውስጥ 36 ሐውልቶች አሉ፤ 32ቱ ቅርጽ የተቀረጸባቸው ናቸው። ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት የመዘገባቸው እ.ኤ.አ. በ1980 ነው። ጢያ ባለበት በሶዶ አካባቢ እንዲህ ያለ ትክል ድንጋይ የተገኘበት ቦታ 160 ገደማ ይደርሳል፣ ጢያ ከሁሉም ታዋቂው ሆነ እንጂ ብቸኛው አይደለም። ፈረንሳውያን ተመራማሪዎች ሲቆፍሩ ከሥሩ መቃብር ነው ያገኙት። ሟቾቹ ተኮራምተው የተቀበሩ ናቸው፤ ብዙዎቹም በወጣትነት የሞቱ። ዘመኑ ከ12ኛው እስከ 14ኛው ክፍለ ዘመን ባለው ውስጥ ይገመታል። ስለዚህ የመቃብር ምልክት መሆናቸው አያከራክርም።

ከዚያ በኋላ ያለው ግምት ነው። ሰይፉ ሰይፍ መሆኑን ማንም ያያል። ሰይፍ ሲበዛ የገዳይነት ቁጥር ነው የሚለው ያምራል፣ ጦረኛ ቀብሮ ጀግንነቱን መቁጠርም ለባህላችን እንግዳ አይደለም፤ ግን ያረጋገጠው የለም። ክቡን አንዱ ፀሐይ፣ አንዱ ጋሻ ይለዋል። ሌላ ደግሞ ግንድና ቅርንጫፍ ያለው ተክል የሚመስል ምልክት አለ፤ እንሰት ነው የሚሉ አሉ። ይኼኛውን ግምት እኔ እወደዋለሁ፤ ከድንጋዮቹ ራቅ ሳትሉ በየጓሮው እንሰት ቆሞ ታያላችሁ፣ ምሳ ላይም ትበሉታላችሁ። መውደዴ ግን ማስረጃ አይሆንም። ምልክቱን ሁሉ አንድ በአንድ እንደ ፊደል የሚያነብላችሁ አስጎብኚ ካጋጠማችሁ በትህትና አዳምጡትና ጨዋታው ይጣማችሁ።

የአካባቢው ሰው ድንጋዮቹን «የግራኝ ድንጋይ» ይላቸዋል። ግራኝ አህመድ የሞተው እ.ኤ.አ. በ1543 ነው፤ ሐውልቶቹ ከእሱ ከ100 ዓመት በላይ ይቀድማሉ። ሰው ትልቅ ነገር ሲያይ ለሚያውቀው ኃይለኛ ስም ይሰጠዋል።

ጥያቄ፦ አክሱምን አይቻለሁ። ከዚያ በኋላ ጢያ ምን ትርጉም አለው?

መልስ፦ ቁመት ለመለካት ከሆነ የሚሄዱት አይሂዱ። አክሱም የንጉሥ ሥራ ነው። ጢያ ላይ የሚያዩት ስማቸው ያልተጻፈላቸው ሰዎች መቃብር ነው። እኔን የበለጠ የሚይዘኝ ሁለተኛው ነው።

ጥያቄ፦ ዋናው ጉዳይ ክትፎው ነው ወንድሜ! ረቡዕ ልንሄድ ነው፣ የት እንበላለን?

መልስ፦ ረቡዕ ከሆነ ክትፎውን እርሱት፣ ወይ ቀኑን ቀይሩ። በዚህ ጉዞ ላይ ከርቀቱ በፊት የሚታየው የጾም ቀን ነው። ረቡዕና ዓርብ፣ ዐቢይ ጾም 55 ቀን፣ ፍልሰታ፣ ነቢያት፣ ሐዋርያት፤ በነዚህ ቀናት ብዙው ክትፎ ቤት ወይ ይዘጋል ወይ የጾም ብቻ ይሠራል። ያኔ ሽሮና በየዓይነቱ ይዛችሁ፣ ጎመን በቆጮ ብላችሁ ነው የምትመለሱት። እሱም አይናቅም።

ፍስክ ከሆነ ከጢያ አለፍ ብላችሁ ቡኢ ብትደርሱ፣ ጊዜ ካላችሁም እስከ ቡታጅራ ብትዘልቁ ጥሩ ነው። ቡታጅራ ግን ቀኑን ያስረዝመዋል፣ አዳዲን ልትሰርዙ ትችላላችሁ። የቤት ስም ከምነግራችሁ የመምረጫውን ዘዴ ልንገራችሁ። ሹፌሮች የቆሙበትን በር እዩ። ሥጋው ሲከተፍ የሚታይበት ቤት ግቡ። ቆጮው ትኩስ መሆኑን ጠይቁ፤ ያደረ ቆጮ የቀዘቀዘ ላስቲክ ነው። ክትፎው ከአይብና ከጎመን ጋር ይመጣል፣ ሚጥሚጣውን ለብቻ አስቀርቡ።

ጥሬ ልብላ ወይ ለሚለው፦ ልማዱ ለሌለው ሰው «የበሰለ» በሉ እላለሁ። ለብለብ ማለት ለብ ያለ እንጂ የበሰለ ማለት አይደለም። የኮሶ ትል ከጥሬ ሥጋ ነው የሚመጣው፣ ቅቤና ሚጥሚጣ አይገድለውም። በበሰለው የሚስቅ ካለ ይሳቅ።

ቆጮን ለመጀመሪያ ጊዜ የምትቀምሱ ሽታው ቢከብዳችሁ አትደንግጡ። እንሰቱ ዓመታት ቆይቶ ይቆረጣል፣ ይፋቃል፣ ጉድጓድ ውስጥ በቅጠል ተሸፍኖ ይብላላል። ያ ኮምጠጥ ማለቱ ከዚያ ነው፤ ከቅቤው ጋር ሲገናኝ ነው ትርጉም የሚሰጠው።

ጥያቄ፦ እስላም ነኝ። ሃላል ማግኘት ይቸግራል?

መልስ፦ አይቸግርም። በዚያ መስመር፣ በተለይ ወደ ቡታጅራ ሲቀርቡ፣ የሙስሊም ምግብ ቤት እንደ ልብ ነው። በሩ ላይ ተጽፎ ያዩታል። በጾም ቀን ክትፎ ያማረው ክርስቲያን ጓደኛዎ ግን እዚያ ሲገባ ካዩት ዝም ይበሉት።

ጥያቄ፦ ከቨርጂኒያ ከሁለት ልጆች ጋር ነው የምንመጣው። የመንገድ ምግብ ላስቀምሳቸው እፈልጋለሁ፣ ሆዳቸው ግን ያሳስበኛል።

መልስ፦ እህቴ፣ ልጆቹን አታስርቢያቸው፣ ምርጫውን ብቻ እወቂበት። ከእሳት ላይ በቀጥታ የመጣ ነገር ጓደኛሽ ነው። አየር ጤና ሳንወጣ ፓስቲ ከዘይቱ ሲወጣ በወረቀት ተጠቅልሎ ከሻይ ጋር፤ ሳምቡሳም እንደዚያው፣ ግን አሁን የተጠበሰውን እንጂ ከጠዋት ጀምሮ ሳህን ላይ የተደረደረውን አይደለም። በክረምቱ በቆሎ ጥብስ በየመንገዱ አለ፣ እዚያው ከሰል ላይ ይገለባበጣል። ከመስከረም በኋላ እሸት ይመጣል፤ ልጆች በእቅፍ ይዘው መኪና ያስቆማሉ። ሽምብራ እሸት እየፈለፈሉ መሄድ ለአንቺ ልጆች ከመልካ ቁንጡሬው ሙዚየም በላይ ትዝታ እንደሚሆን እገምታለሁ። ቆሎ ደግሞ ማንንም አሞ አያውቅም።

የምታስቀሪው፦ ጥሬ ሰላጣ፣ ውኃ የገባበት ጭማቂ፣ ተልጦ የተቀመጠ ሸንኮራና ፍራፍሬ፣ ሜዳ ላይ የዋለ ዳጣ። ውኃው የታሸገ ይሁን፣ ክዳኑ ሲከፈት ድምፁን ስሚ። የእጅ ማጽጃ ያዢ፣ በየመንገዱ መታጠቢያ አታገኚም።

ጥያቄ፦ መልካ ቁንጡሬ ሄጄ አራት አምስት ጎጆና ድንጋይ አይቼ ተመለስኩ። ምኑ ነው እንዲህ የሚያስወራው?

መልስ፦ ትክክል ነህ፣ ማስረዳት ለማይችል ሰው ከተሰጠ ጎጆና ድንጋይ ነው። አንድ ነገር ልሞክር።

ቦታውን እ.ኤ.አ. በ1963 ያገኘው ሄራርድ ዴከር የሚባል ሆላንዳዊ የውኃ ባለሙያ ነው። ከ1965 ጀምሮ ዣን ሻቫዮን የመራው የፈረንሳይ ቡድን ለብዙ ዓመታት ቆፈረ፣ በኋላ ጣሊያኖች ተረከቡት። አዋሽ ሸርሽሮ ከገለጠው አፈር ውስጥ ወደ 2 ሚሊዮን ዓመት የሚጠጋ የሰው ልጅ ኑሮ በየንብርብሩ ተገኘ። ቦታው ከባሕር ወለል በላይ 2,000 ሜትር ገደማ ነው። ያ ማለት የጥንት ዘመዶቻችን ቆላ ለቆላ ብቻ ሳይሆን ብርዱንና ስስ አየሩን ችለው ደጋ ላይ ይኖሩ ነበር ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ2024 ዩኔስኮ መልካ ቁንጡሬንና ባልጩት የሚባለውን በአቅራቢያው ያለ ቦታ አንድ ላይ የመዘገባቸውም ለዚህ የደጋ ታሪክ ነው።

እኔ እንግዳዬን የማቆምበት ነገር ሁለት ነው። አንደኛው ጎምቦሬ በሚባለው የቁፋሮ ቦታ የተገኘው የእግር ዱካ፦ 700,000 ዓመት ገደማ የሆነው፣ ከአዋቂዎቹ ጋር ገና እግር የተከሉ ሕፃናት ዱካ ያለበት። እዚያው አካባቢ ጉማሬ ታርዶ ተበልቷል፣ የድንጋይ መሣሪያውም ከአጥንቱ ጋር ተገኝቷል። ልጆች አጠገብ እየተሯሯጡ አዋቂው ሥጋ ይቆርጣል። ከዚህ ላይ ነው ለቡድኔ «ክትፎአችሁን በደንብ በላችሁ?» ብዬ የምጠይቀው።

ሁለተኛው ሲምቢሮ የሚባለው የቁፋሮ ቦታ ነው፤ 1.2 ሚሊዮን ዓመት ገደማ። ከአንድ ንብርብር 578 የእጅ መጥረቢያዎች ወጥተው ከ3ቱ በቀር ሁሉም ከባልጩት የተሠሩ ሆነው ተገኙ። ባልጩት እንደ ጠርሙስ የሚሰበር ድንጋይ ነው፣ አያያዙን የማያውቅ እጁን ይቆርጣል። እነዚያ ሰዎች አንድን ድንጋይ መርጠው፣ አንድን ሥራ ደጋግመው አንድ ቦታ ሠርተዋል፤ ወርክሾፕ ነው። ጉራጌ ውስጥ ቆዳ ፋቂዎች እስከ 20ኛው ክፍለ ዘመን ድረስ በባልጩት ይፍቁ እንደነበርም አስብ።

የሰው ቅሪቶቹ ዋናዎች አዲስ አበባ ብሔራዊ ሙዚየም ስለሚቀመጡ ጎጆዎቹ ውስጥ የምታየው ቅጂ ነው። ለዚህ ነው እኔ ከጎጆዎቹ ይልቅ ጣሪያ ወደ ተሠራለት ቁፋሮ ፈጥኜ የምሄደው።

ጥያቄ፦ መሬት ላይ የወዳደቀ ባልጩት ለማስታወሻ ማንሳት ይቻላል?

መልስ፦ አይቻልም። አዋጅ ቁጥር 209/1992 አለ፣ ከመሬት የሚገኝ ቅርስ የመንግሥት ነው። ኤርፖርት ላይ ቢያዝ ደግሞ «ድንጋይ እኮ ነው» የሚለው መልስ አያዋጣም።

ጥያቄ፦ ያለ አስጎብኚ፣ በሕዝብ ትራንስፖርት ብሄድስ?

መልስ፦ ለጢያ ብቻ ከሆነ ይሆናል። የቡታጅራ መኪና ትይዛለህ፣ ጢያ ጣሉኝ ትላለህ። ችግሩ መመለሻው ነው፤ ከቡታጅራ የሚመጣው ሞልቶ ያልፋል፣ ፀሐይ ላይ እጅህን እያወዛወዝክ ትቆማለህ። አዳዲን ከጨመርክ ያ 12 ኪሎ ሜትር ቀኑን ይበላዋል። አራት ሆናችሁ መኪና ብትከራዩ ይሻላል። የቦታው አስጎብኚዎችን ግን አትለፏቸው፣ የሚከፈላቸው ገንዘብ እዚያው መንደር ነው የሚቀረው። ከመነሳታችሁ አንድ ቀን በፊት ደግሞ የመንገዱን ሰላም ለአካባቢው ሰው ደውላችሁ አጣሩ፤ እኔም ሳልደውል አልነሳም።

ጥያቄ፦ አዳዲ ማርያም እንደ ላሊበላ ናት ይባላል?

መልስ፦ ከአለት የተፈለፈለች ናት፣ ትውፊቱም ለንጉሥ ላሊበላ ይሰጣታል። በመጠንና በጥራት ግን ከላሊበላዎቹ ጋር አታወዳድሯት፤ ሸካራ ናት፣ ጨለም ትላለች፣ ዛሬም ምእመን ያላት ደብር ናት። ነጠላ ያዙ፣ ጫማ የሚወልቅበት ቦታ ስላለ ካልሲ ጨምሩ። ፎቶ ከማንሳታችሁ በፊት ቄሱን ጠይቁ።

ጥያቄ፦ ምርጡ ወቅት የቱ ነው? ለመስቀል ብንመጣስ?

መልስ፦ ከጥቅምት እስከ ጥር። ሐምሌና ነሐሴ የአዳዲ መንገድ ጭቃ ነው። መስቀልን በተመለከተ፦ መስከረም 17 አካባቢ ጉራጌ በሙሉ ከአዲስ አበባ ወደ አገሩ ይወርዳል። መንገዱ ይጨናነቃል፣ ትራንስፖርት ዋጋው ይሰቀላል፣ ምግብ ቤቱ ሰው አጥቶ ይዘጋል፤ አብሳዮቹም እኮ አገር ቤት ገብተዋል። የሚጋብዛችሁ ዘመድ ወይ ጓደኛ ካለ ግን ሌላውን ጉብኝት ሁሉ ትታችሁ ሂዱ፤ የዓመቱ ምርጥ ክትፎ ያን ቀን ቤት ውስጥ ነው የሚበላው።

ጥያቄ፦ ማታ አዲስ አበባ ስንገባ ተርቦ የሚቀር ካለስ?

መልስ፦ ሁልጊዜም አለ። እርጥብ አበላዋለሁ፤ ዳቦ መሐል ድንች፣ ላዩ ላይ ቃሪያና ዳጣ። ማታ ሰው የተሰለፈበት ጋሪ ዘንድ ብቻ፣ ዳጣውም ሲጠየቅ «በትንሹ» ተብሎ። ሻጯ ግን የእሷ ትንሽ የእኛ ብዙ ነው።