ሉት ደርድሮታል፣ ፊቱ ግን ለምን ጠቆረ? የሞድ ጥያቄዎቻችሁ

ሰላም ናችሁ የሰሜን ሸዋ ጌመሮች! ስለ ሞድ፣ ማለትም ተጫዋቾች ጌም ላይ ስለሚጨምሩት ለውጥ፣ የላካችሁትን ጥያቄ ሁሉ ቁጭ ብዬ አነበብኩት፣ አብዛኛው ስለ ስካይሪም ስፔሻል ኤዲሽን ነው፣ ጥቂቱ ፎልአውት 4፣ የሁለቱም የፕለጊን (የሞዱን ለውጥ ለጌሙ የሚነግረው ፋይል) አሠራር ተቀራራቢ ስለሆነ ለአንዱ የመለስኩት በብዛት ለሌላውም ይሠራል። ስም አልጠራም፣ ከየት እንደጻፋችሁ ብቻ ነው የምናገረው።

ከሸዋ ሮቢት፦ «ደብረ ብርሃን ያለ ጓደኛዬ ወደ 40 ሞድ በፍላሽ ገልብጦ ሰጠኝ፣ ሁሉንም ዳታ ፎልደር ውስጥ ከተትኩት። አሁን ጌሙ አርማውን ያሳይና ሜኑ ሳይመጣ ጥፍት ይላል። የኛን ሀገር ሙቀት ታውቀዋለህ፣ ላፕቶፑ ግሎ ይሆን እንዴ?»

ሙቀት አይመስለኝም ወንድሜ። ሙቀት ቢሆን አንዴ ከሩብ ሰዓት በኋላ፣ ሌላ ጊዜ ከአንድ ሰዓት በኋላ፣ ብዙ ነገር ስክሪኑ ላይ ሲመጣ ነበር የሚዘጋብህ። ሁሌም እዚያችው ቦታ ላይ፣ ያውም ሜኑ ሳይመጣ የሚጠፋ ከሆነ መጀመሪያ የምጠረጥረው ማስተር መጉደሉን ነው። ነገሩ እንዲህ ነው፣ አንዳንዱ ፕለጊን ብቻውን አይቆምም፣ ሌላ ፕለጊን ላይ ተደግፎ ነው የተሠራው፣ ያ የተደገፈበት ፋይል ማስተሩ ይባላል፣ ማስተሩ ከሌለ ጌሙ ገና ሲነሳ ይወድቃል። ጓደኛህ ሁለት ሞድ የሚያስታርቀውን ፓች ገልብጦልህ ከሁለቱ አንዱን ረስቶት ይሆናል፣ በፍላሽ ሲሆን ይሄ በጣም ያጋጥማል ምክንያቱም ሞድ የሚወርድበት ኔክሰስ የሚባለው ድረ ገጽ ላይ «ይሄን ሞድ ለመጫን እነዚህ ያስፈልጋሉ» ተብሎ የተጻፈውን ፍላሹ ይዞልህ አይመጣም።

እንዴት ታገኘዋለህ? ሞድ ኦርጋናይዘር 2 የሚባለውን የሞድ ማስተዳደሪያ ፕሮግራም ጫን፣ በቀኝ በኩል ያለው የፕለጊን ዝርዝር ላይ የማስጠንቀቂያ ምልክት ያለበትን ፈልግ፣ ማውሱን ላዩ ላይ ስታቆመው የጎደለውን ፋይል በስሙ ይነግርሃል። ከዚያ ወይ ፋይሉን ታመጣለህ ወይ ያንን ፕለጊን ቲኩን ታነሳለህ፣ በቃ። ደግሞ እባክህ ዳታ ፎልደር ውስጥ በእጅህ አትክተት፣ አንዴ ከተቀላቀለ የቱ ፋይል ከየትኛው ሞድ እንደመጣ ማንም አይለይልህም። ሞድ ኦርጋናይዘር እያንዳንዱን ሞድ በየራሱ ፎልደር አስቀምጦ ጌሙ ሲከፈት ብቻ ዳታ ውስጥ እንዳለ አድርጎ ነው የሚያሳየው፣ ስለዚህ ስትነቅለውም ንጹሕ ነው።

ከደብረ ብርሃን፣ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ፦ «ሉት (ፕለጊኖችን በተራ የሚያሰልፈው ፕሮግራም) ከፍቼ ሶርት አድርጌዋለሁ፣ ምንም ማስጠንቀቂያ የለም። ግን ሪቨርዉድ ያለው ብረት ቀጥቃጩ አልቮር ፊቱ ጥቁር ግራጫ ሆኗል፣ አንገቱና እጁ ደግሞ የራሱ ቀለም ነው። የፊት ሞዱን 3 ጊዜ አጥፍቼ ጫንኩት፣ ያው ነው።»

አራተኛ ጊዜ አትጫነው። ሞዱ ደህና ነው፣ ችግሩ ያለው ሰልፉ ላይ ነው፣ ይሄን ጥያቄ በደንብ ልመልሰው የፈለግኩትም ብዙዎቻችሁ ሉት አንዴ ከደረደረው ሁሉም ነገር አለቀ ብላችሁ ስለምታስቡ ነው።

የደብረ ብርሃን ልጅ ስለሆንክ በብርዱ ልንገርህ። ጠዋት ስትወጣ ሹራብ ትለብሳለህ፣ በላዩ ጃኬት፣ በላዩ ጋቢ ትደርባለህ፣ መንገድ ላይ ያገኘህ ሰው የሚያየው ጋቢውን ነው። ሎድ ኦርደር ማለት ይሄ ነው፣ ሁለት ፕለጊን አንድን ሰው ወይ አንድን ሰይፍ ከነኩ ጌሙ የሚቀበለው ከታች የተሰለፈውን፣ ማለትም መጨረሻ የተደረበውን ነው። ሰው የሚስተው ምኑን መሰለህ፣ ጌሙ ሁለቱን አይቀላቅልም። የላይኛው ፕለጊን የአልቮርን ፊት ቀይሮ የታችኛው ልብሱን ብቻ ቢቀይር የታችኛው ልብሱን ይዞ ሲመጣ ስለ ፊቱም የድሮውን መረጃ አብሮ ይዞ ይመጣል፣ የላይኛው ድካም በሙሉ ይሸፈናል።

አሁን ወደ ጥቁሩ ፊት። ሞድ ኦርጋናይዘር ላይ ሁለት ሰልፍ አለ። የግራው ፋይሎችን ነው የሚወስነው፣ የቆዳ ምስል፣ የጭንቅላት ቅርፅ፣ ድምፅ፣ እነዚህን። የቀኙ ፕለጊኖችን ነው። ሉት የሚነካው የቀኙን ብቻ ነው፣ ግራውን አያየውም። ስካይሪም ደግሞ የአንድን ሰው ፊት ሁለት ቦታ ነው የሚያስቀምጠው፣ አንዱ ፕለጊኑ ውስጥ ያለው መረጃ ነው፣ አፍንጫው እንዲህ ፀጉሩ እንዲያ የሚለው፣ ሌላው ተሠርቶ ያለቀ የጭንቅላት ፋይል ነው። ሁለቱ ከተለያየ ሞድ ከመጡ አይጣጣሙም፣ ሳይጣጣሙ ሲቀሩ ነው ፊቱ ጥቁር ግራጫ የሚሆነው። አንተ ጋ የጭንቅላቱ ፋይል ከፊት ሞዱ መጥቷል፣ መረጃው ግን ከታች ከተሰለፈ ሌላ ፕለጊን ነው የመጣው ማለት ነው።

ባለፈው ጠባሴ አንድ የጎረቤት ልጅ ጋ ልክ ይሄው ገጥሞኝ ነበር፣ ማታ ነው፣ ጋቢያችንን ተከናንበን ላፕቶፑን መሀል አድርገን የፕለጊንን ውስጥ የሚያሳየውን ኤስኤስኢኤዲት የሚባል ፕሮግራም ከፈትን። ሁሉንም ፕለጊን ጭኖ እስኪጨርስ ጠበቅን፣ ከዚያ የአልቮርን ስም ፈልገን ስንጫነው ዓምድ በዓምድ ተደርድሮ መጣ፣ በግራ ዋናው ጌም፣ ቀጥሎ የፊት ሞዱ፣ በቀኝ ጥግ ደግሞ የገጠር ሰዎችን ልብስ የሚቀይር ሞድ። የቀኙ ጥግ ነው አሸናፊው። ወደታች ስንወርድ የጭንቅላት ክፍሎቹ መስመር ላይ የቀኙ ጥግ ከዋናው ጌም ጋር አንድ ዓይነት ነው፣ መሀል ያለው የፊት ሞዱ ብቻውን ቀርቷል። ልጁ «እንዴ፣ ልብሱ ነዋ ፊቱን የበላው!» አለ። ትክክል።

መፍትሔው ሁለት ነው። ልብሱ ግድ የማይሰጥህ ከሆነ የፊት ሞዱን ፕለጊን ከልብሱ ሞድ በታች አድርገው፣ ግራ በኩልም ፋይሎቹ በሌላ እንዳይሸፈኑ እይ፣ አለቀ። ሁለቱንም ከፈለግክ እኛ እንዳደረግነው የፊት ሞዱን ዓምድ ራሱን ላይ በቀኝ ክሊክ ተጭነህ «ኮፒ አዝ ኦቨርራይድ ኢንቱ» የሚለውን ትመርጣለህ፣ አዲስ ፕለጊን ትሰጠዋለህ፣ ከዚያ ከልብሱ ሞድ ዓምድ የልብሱን መስመር ብቻ በማውስ ጎትተህ አዲሱ ላይ ትጥለዋለህ። ሴቭ አድርገህ አዲሱን ፕለጊን መጨረሻ ላይ አሰልፈው። ለመጀመሪያ ጊዜ ስለሆነ እኛ ትንሽ ፈጀብን፣ ግን ጌሙን ከፍተን አልቮር ምድጃው አጠገብ ከነአዲሱ ልብሱ ከነአዲሱ ፊቱ ቆሞ ስናየው ልጁ የተሰማው ደስታ አይረሳኝም፣ ምክንያቱም ያችን ትንሽ ፓች ራሱ ነው የሠራት።

ሉትን ተዉት እያልኩ አይደለም፣ እኔም ሁሌ እጠቀመዋለሁ። ማስተር ከጥገኛው በፊት እንዲመጣ ያደርጋል፣ የሚታወቁ ሞዶችን በተሰበሰበው ደንብ መሠረት ቦታ ቦታቸውን ያስይዛል። ግን አንተ ከልብሱና ከፊቱ የቱን እንደምትመርጥ በምን ያውቃል? እሱን መወሰን ያንተ ሥራ ነው።

ከመሀል ሜዳ፦ «ጨዋታ መሀል ላይ ያልወደድኩትን ሞድ ባወጣው ምን ይሆናል? መብራት ደግሞ እየሄደ ሴቭ ተበላሽቶብኛል።»

የምስል ሞድ ብቻ ከሆነ፣ የድንጋይ የዛፍ የሰማይ ቀለም፣ ባሰኘህ ሰዓት አውጣው። ስክሪፕት (ጌሙ ውስጥ የሚሠራ ትንሽ ፕሮግራም) ያለው ሞድ ግን ሴቭህ ውስጥ ገብቶ ይጻፋል፣ ሞዱን ብትነቅለውም የጀመረው ነገር ሴቩ ውስጥ ባለቤት አጥቶ ይቀራል፣ ዛሬ ምንም አይልህም ይሆናል ከ20 ሰዓት ጨዋታ በኋላ ግን ይመጣብሃል። እንዲህ ያለውን ማውጣት ከፈለግክ ሞዱን ከመጫንህ በፊት ወደነበረው ሴቭ ተመለስ። ለመብራቱ ደግሞ በአንድ ሴቭ ላይ ደጋግመህ አትጻፍ፣ ሁሌ አዲስ ሴቭ ፍጠር፣ ሲጻፍ መብራት ቢሄድ የሚበላሸው ያ አንዱ ብቻ ነው የቀደመው ይተርፍልሃል። መብራቱንም አትመነው፣ ሴቭህን ፍላሽ ላይም ገልብጥ።

ከደብረ ሲና፣ እህታችን ናት፦ «ከ255 ሞድ በላይ አይቻልም ይላሉ፣ ሌላው ደግሞ 1,000 ጭኛለሁ ይላል። የቱ ነው እውነቱ?»

ሁለቱም እውነትነት አለው እህቴ፣ ምክንያቱም የሚቆጠረው ሞዱ ሳይሆን ፕለጊኑ ነው፣ ምስል ብቻ ያለው ሞድ ደግሞ ብዙ ጊዜ ፕለጊን የለውም። ጌሙ ውስጥ ያለ ነገር ሁሉ 8 ምልክት ያለው ቁጥር አለው፣ የመጀመሪያዎቹ 2 የፕለጊኑ መለያ ናቸው። 2 ምልክት በኮምፒውተሩ አቆጣጠር 256 ነገር ነው የሚይዘው፣ ከዚያ ላይ የመጨረሻው በጨዋታ መሀል ለሚፈጠሩ ነገሮች የተያዘ ነው፣ ከሱ በፊት ያለው ደግሞ ቀላል ለሚባሉት ኢኤስኤል ፕለጊኖች፣ ስለዚህ ለሙሉ ፕለጊን 254 ቦታ ይቀራል፣ ጌሙ ራሱ ከነተጨማሪዎቹ ቢያንስ 5ቱን ይወስዳል። ኢኤስኤሎቹ ግን አንዷን ቦታ ለ4,096 ነው የሚካፈሉት! በ2011 እ.ኤ.አ. የወጣው የድሮው ስካይሪም ይሄን አያውቅም፣ ስፔሻል ኤዲሽን ነው የሚያውቀው። ትንንሽ ፓቾችሽን ኤስኤስኢኤዲት ላይ የኢኤስኤል ምልክት አድርጊባቸውና ቦታ ታገኛለሽ። ነባር ነገር ብቻ የሚቀይር ፓች ከሆነ ችግር የለውም፣ አዲስ ሰው አዲስ ዕቃ የሚጨምር ከሆነ ግን አዲስ ጨዋታ ስትጀምሪ ብቻ አድርጊው፣ ቁጥሩ ስለሚቀየር የቆየው ሴቭ ዕቃውን አያገኘውም።

ከአንኮበር፦ «ትናንት ይሠራ ነበር፣ ዛሬ ኤስኬኤስኢ (አንዳንድ ሞዶች የሚፈልጉት ተጨማሪ ፕሮግራም) አልከፍትም አለ። ምንም አልነካሁም።»

አንተ ባትነካም ጌሙ የሚወርድበት ስቲም ነክቶታል፣ ጌሙን አፕዴት አድርጎት ነው። ኤስኬኤስኢ ከአንድ የጌም ቨርዥን ጋር ብቻ ነው የሚሠራው፣ የዲኤልኤል ፋይሉ ስም ላይ ቁጥሩ ተጽፏል፣ የጌሙን ፋይል ደግሞ በቀኝ ክሊክ ከፍተህ ፕሮፐርቲስ ውስጥ ቨርዥኑን እይ፣ ሁለቱ ካልገጠሙ ለአዲሱ የሚሆነውን ኤስኬኤስኢ አውርድ፣ በሱ ላይ የተደገፉትን የዲኤልኤል ሞዶችም አብረህ። ከዚያ ስቲም ላይ ጌሙ ሲከፈት ብቻ አፕዴት እንዲያደርግ ምረጥና አንተ ሁሌ በኤስኬኤስኢ በኩል ክፈት። በሞባይል ዳታ ለሚያወርድ ሰው ይሄ ብዙ ብር ያድናል።

ከእነዋሪ፣ አባት ናቸው፦ «ልጄ ሞድ ሞድ እያለ ኮምፒውተሩን ሞላው፣ የትምህርት ፋይል ማስቀመጫ ጠፋ። ጌሙን ላጥፋበት?»

ጋሼ፣ ገና አያጥፉበት። ሞድ ኦርጋናይዘር ከተጫነ በኋላም የወረደውን ዚፕ ፋይል «ዳውንሎድስ» በሚባል ፎልደር ያስቀምጠዋል፣ ስለዚህ አንድ ሞድ ሁለት ቦታ ይይዛል። ያንን ፎልደር ወደ ኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ያዛውሩት፣ ጨዋታው ምንም አይሆንም፣ የመረጃ መረቡ ደካማ ስለሆነም ዚፖቹ አንድ ቀን ይፈለጋሉ። ሁለተኛ ልጅዎ 4ኬ የሚባሉትን ምስሎች ጭኖ ከሆነ በ1ኬ ወይ በ2ኬ ይተካቸው፣ 4ኬው የ2ኬውን 4 እጥፍ ያህል ነው የሚይዘው፣ በተራ ላፕቶፕ ስክሪን ላይ ደግሞ ልዩነቱን ለማየት ይቸግራል። እሱ እያዛወረ እርስዎ አጠገቡ ቁጭ ይበሉ፣ እስኪ ምን ያህል ጊጋ እንደተለቀቀ ጻፉልኝ።