ዳርዩሽ የሚለው ስም ትርጉሙ ምንድን ነው? (መልስ)

እህቴ፣ መጀመሪያ እንኳን ማርያም ማረችሽ! ባለቤትሽ ኢራናዊ ስለሆነ ልጃችሁን ዳርዩሽ ልትሉት አስባችኋል። ትርጉሙ ምንድን ነው፣ እናቴስ ይከብዳቸው ይሆን ወይ ብለሻል።

ለእናትሽ እንግዳ ስም አይደለም። መጽሐፍ ቅዱሳችን ዳርዮስ የሚለው እሱኑ ነው። ዕዝራ ምዕራፍ 6ን አንብቢላቸው። የኢየሩሳሌም ቤተ መቅደስ እንደገና ተሠርቶ ያለቀው በዳርዮስ ዘመን ነው።

በጥንቱ ፋርስኛ፣ ማለትም በጥንቷ ኢራን ቋንቋ፣ ስሙ ዳራያቫኡሽ ነበር። «መልካሙን አጽንቶ የሚይዝ» ማለት ነው። ለልጅ ከዚህ የተሻለ ምን ምርቃት አለ?

ስሙን ያገነነው የፋርስ ንጉሥ ታላቁ ዳርዮስ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ522 እስከ 486 ነገሠ። የጥንት ፋርስ ነገሥታት ከተማ የነበረችውን ፐርሴፖሊስን ማሠራት የጀመረው እሱ ነው። በምዕራብ ኢራን ከርማንሻህ ከተማ አካባቢ፣ ቢሶቱን በሚባል ተራራ ገደል ላይ ታሪኩን በሦስት ቋንቋ አስቀርጿል፤ በጥንቱ ፋርስኛ፣ በኤላምኛና በባቢሎንኛ። እዚያ ላይ ራሱን «ንጉሠ ነገሥት» ብሎ ነው የሚጠራው። ይሄ ማዕረግ ለእኛም ቅርብ ስለሆነ ሳነበው ሁሌም ደስ ይለኛል።

ስሙ ከእስልምና በፊት የነበረ ነው። ኢራን ውስጥ በ20ኛው ክፍለ ዘመን የጥንት ስሞች ሲወደዱ እንደገና ተስፋፋ፤ ዛሬ ሙስሊም ቤተሰቦችም ያወጡታል። ስለዚህ ከሃይማኖት ጋር አያጋጭሽም።

እኔን ከጠየቅሽኝ አውጡለት። ወረቀት ላይ ዳርዩሽ ይባል፣ አያቱ ደግሞ ዳርዮስ ይበሉት። ልጁ ሁለቱንም «አቤት» ይላል።