ቢጫው ጊንጥ፦ የአንባቢዎች ጥያቄና መልስ

በእስራኤል ኔጌቭ በረሃ አካባቢ የሚኖሩ ወገኖቻችን ስለ ቢጫው ጊንጥ ለሚያነሷቸው ጥያቄዎች የሚከተለውን መልስ ሰጥተናል።

ጥያቄ፦ ግቢያችን ድንጋያማ ነው። ይህ ጊንጥ የሚኖረው አሸዋ ውስጥ አይደለም እንዴ?

መልስ፦ የሚመርጠው ጠጠርና ድንጋይ የበዛበትን ደረቅ መሬት ነው። ቀን ጠፍጣፋ ድንጋይ ሥር ወይም ሌላ እንስሳ ትቶት በሄደው ጉድጓድ ይደበቃል፤ ሲመሽ ለአደን ይወጣል። የተከመረ ብሎኬትና ጣውላም ይመቸዋል። ክምሩን ስታነሡ ወፍራም ጓንት አድርጉ። ድንጋዩን ከወዲያኛው ጠርዝ ይዛችሁ ወደ ራሳችሁ ገልብጡት፤ ያኔ ድንጋዩ በእናንተና በጊንጡ መካከል ይሆናል።

ጥያቄ፦ ጥቁር ጊንጥ አይገድልም ይባላል። እውነት ነው?

መልስ፦ አይደለም። ጭራው ወፍራም የሆነው ጥቁር ጊንጥ፣ አንድሮክቶነስ፣ መርዙ ለሰው አደገኛ ነው። ከቀለሙ ይልቅ መቆንጠጫውን እዩ፤ ቀጭን ከሆነ በመርዙ የሚተማመን ነውና ተጠንቀቁ።

ጥያቄ፦ የአራት ዓመት ልጅ ቢነደፍ ምን እናድርግ?

መልስ፦ ወዲያው ወደ አምቡላንስ፣ በስልክ ቁጥር 101 ደውሉ። ቦታውን በሳሙናና በውሃ እጠቡ፤ ቀለበትም ሆነ አምባር ካለ ሳያብጥ አውልቁ፤ የተነደፈው እጅ ወይም እግር እንዳይንቀሳቀስ አድርጉ። በጨርቅ የተጠቀለለ በረዶ ለ10 ደቂቃ ያህል ቢያዝበት ሕመሙን ያስታግሳል። በምላጭ መብጣት፣ በአፍ መምጠጥና በገመድ ማሰር ፈጽሞ ይቅር። መብጣቱ ቁስል ይጨምራል እንጂ መርዙን አያወጣም፤ ማሰሩ ደግሞ የደም ዝውውርን ያግዳል።

“ሕመሙ ቀለል ብሎለታል” ብላችሁ ቤት እንዳትቆዩ! መርዙ ነርቮችን ስለሚያውክ ያለማቋረጥ ምልክት ይልካሉ፤ አድሬናሊን በብዛት ይለቀቃል፣ የደም ግፊት ይሻቅባል፣ ከዚያ ልብ ይደክምና ሳንባ ውሃ ይቋጥራል። ትልቅ ሰው የሚችለው መጠን በሕፃን ትንሽ ሰውነት ላይ ይበረታል። ላብ፣ የምራቅ መዝረብረብ፣ ማስመለስ፣ መቁነጥነጥና የትንፋሽ ማጠር አደገኛ ምልክቶች ናቸው፤ ምንም ባይታይም ልጁ ሆስፒታል ይሂድ። ፀረ መርዙ በደም ሥር የሚሰጠው እዚያ ነው፤ ቶሎ ሲሰጥ ይበልጥ ይጠቅማል። ጊንጡን ለማሳየት ብላችሁ አታሳዱት፤ ከርቀት የተነሣ ፎቶ ይበቃል።

ጥያቄ፦ የበረሮ መርዝ ብንነፋም ጊንጡ አልሞተም። ለምን?

መልስ፦ ቅርፊቱ ጠንካራ ነው፤ ወለል ላይ የደረቀውን መርዝ ደግሞ የሚነካው በእግሮቹ ጫፍ ብቻ ነው። መርዙ የሚጠቅመው ምግቡ የሆኑትን በረሮዎች ስለሚቀንስ ነው። ጊንጡን ራሱን ለማግኘት በጨለማ በአልትራቫዮሌት ባትሪ ፈልጉ፤ የብርሃኑ የሞገድ ርዝመት ከ365 እስከ 395 ናኖ ሜትር የሆነው ያገለግላል። ቅርፊቱ አረንጓዴ ሆኖ ያበራል፤ አዲስ ቅርፊት የለወጠው ግን ስለማያበራ ፍለጋውን በሌላ ምሽት ድገሙት። በረጅም ጉጠት አንሥታችሁ ጎኑ ለስላሳ በሆነ ረጅም ጠርሙስ ውስጥ ክተቱት፤ ሊወጣ አይችልም። በበር ሥር ያለውን ክፍተትም በጎማ ዝጉ።