ፎርማት አይደረግ፤ ያላለቀ ጌም በገባበት በር ይውጣ

ሰላም እህቴ፤ ሰላም ጀማው። ደሴ ፒያሳ አካባቢ ኮምፒውተር እጠግናለሁ። የጠየቅሽው ነገር ደጋግሞ እጄ ላይ ስለሚገባ ረዘም አድርጌ ልመልስልሽ።

ጥያቄውን ላላየ ሰው፦ እህታችን ያለችው ኮምቦልቻ ነው። ላፕቶፑ የእሷና የታናሽ ወንድሟ ነው፤ ማከማቻ ዲስኩ (ኤስኤስዲው) 256 ጊጋ። ወንድሟ ጌም ማውረድ ይጀምራል፤ መብራት ይሄዳል ወይም ፓኬጁ ያልቃል፤ እሱን ትቶ ሌላ ይጀምራል። አሁን የሚከፈት ጌም አንድም የለም፤ ሲ ድራይቩ ግን ሞልቶ ቀይ ሆኗል። የመመረቂያ ጽሑፏን ሴቭ ማድረግ ሲያቅታት ሰው «ፎርማት ይደረግ»፣ ማለትም ዲስኩ ሙሉ በሙሉ ይጠረግ አላት።

አብሽሪ፤ ፎርማት የሚያስደርግ ነገር የለም። ብቻ ዛሬውኑ ጽሑፍሽን ፍላሽ ላይ ገልብጪው፤ ለራስሽም በኢሜይል ላኪው። ዲስክ ጢም ብሎ ሲሞላ ዎርድ ፋይሉን በትክክል ላያስቀምጠው ይችላል። ሌላው ሁሉ ከዚህ በኋላ ይደርሳል።

ቀጥሎ ወንድምሽን ቁጭ አድርገሽ ጠይቂው። የትኛው ጌም ምን ያህል ወርዷል? የትኛውንስ የምር ይፈልገዋል? ይህን የምልሽ እሱ እንዳይከፋው ብቻ አይደለም። የዲስክ ቦታ ሲሰረዝ ይመለሳል። የወረደው ዳታ ግን ብር የወጣበት፣ እንቅልፍ የታጣበት ነው። ሰማንያ ፐርሰንት የደረሰ ካለ እሱን ማስጨረስ ይሻላል። አምስት ፐርሰንት ላይ የቀሩት ይውጡ። ሁሉንም ጠራርጎ ማጥፋት ለጠጋኙ ይቀለዋል። እኔ ግን አልወደውም፤ ልጁ በሳምንቱ ያንኑ ጌም ከዜሮ ይጀምረዋል፤ ዲስኩም ተመልሶ ይሞላል።

አሁን ወደ ሥራው እንግባ። ያላለቀ ጌም የሚሰረዘው ባወረደው ፕሮግራም ነው። ፎልደሩን ፈልጎ በእጅ ማጥፋት የመጨረሻ አማራጭ ይሁን። ለምን እንደሆነ ጌም በሚወርድበትና በሚከፈትበት ፕሮግራም በስቲም ላሳይሽ፤ ብዙው ጣጣ ያለው እዚያ ነውና።

ስቲም ማውረድ ሲጀምር ለጌሙ የሚያስፈልገውን ቦታ አስቀድሞ ይይዛል። 40 ጊጋ የሚፈልግ ጌም ገና አስር ፐርሰንት ላይ ቢቆምም ቦታው ተይዟል። ስለዚህ ወንድምሽ «ትንሽ ነው ያወረድኩት» ቢልሽ አትቆጪው፤ እውነቱን ነው።

ሲ ድራይቭ ውስጥ ፕሮግራም ፋይልስ ኤክስ86፣ ከዚያ ስቲም፣ ከዚያ ስቲምአፕስ ግቢ። «ኮመን» የሚለው ፎልደር ወርደው ያለቁት ያሉበት ነው። «ዳውንሎዲንግ» የሚለው ያላለቁት ያሉበት ነው። ዳውንሎዲንግን ስትከፍቺ የጌም ስም አታገኚም፤ በቁጥር የተሰየሙ ፎልደሮች ናቸው። 570 ካየሽ ዶታ 2 ነው። 730 ካየሽ ካውንተር ስትራይክ 2 ነው። ቁጥሩን ካላወቅሽው እዚያው ስቲምአፕስ ውስጥ «አፕማኒፌስት» ብሎ ያንኑ ቁጥር የያዘ ትንሽ ፋይል አለ። በኖትፓድ ክፈቺው፤ የጌሙ ስም ከላይ ተጽፏል። ስታይው ምንም አትቀይሪበት። ጌሙ ምን ላይ እንደደረሰ ስቲም የሚያውቀው በዚህች ፋይል ነው።

ችግሩ የሚመጣውም በእሷ ነው። ባለቁጥሩን ፎልደር በእጅ ብታጠፊው ፋይሏ እዚያው ትቀራለች። ስቲም በሚቀጥለው ሲከፈት ጌሙ እንዳላለቀ ያያል፤ ከመጀመሪያው ማውረድ ይጀምራል። ያኔ ላፕቶፑ በስልክሽ ሆትስፖት ላይ ከሆነ ፓኬጅሽ ሳታውቂው እልም ይላል።

ትክክለኛው መንገድ አጭር ነው። ስቲምን ክፈቺ። ራሱ ማውረዱን ሊቀጥል ስለሚችል ቶሎ ብለሽ ዳውንሎድስ ገጽ ላይ ፖዝ አድርጊው። ከዚያ ላይብረሪ ውስጥ ጌሙ ላይ ራይት ክሊክ፣ ማኔጅ፣ አንኢንስቶል። ጌሙ ተጭኖ ባያልቅም ይሠራል። ዳውንሎድስ ገጹ ላይ ተንጠልጥሎ የቀረ ካለ የኤክስ ምልክቷን ተጫኚ። አሁንም ችክ ካለ ሴቲንግስ ውስጥ ዳውንሎድስ የሚለው ጋ የዳውንሎድ ካሽ ማጽጃ አለ። የተጫኑ ጌሞችን አይነካም። ግን ከአካውንቱ ያስወጣል፤ ወንድምሽ ፓስወርዱን ማስታወሱን አስቀድመሽ አረጋግጪ።

ሌላው የጌም ማውረጃና መክፈቻ (ላውንቸር) ኤፒክም ያው ነው፤ ከዳውንሎድስ ላይ በኤክስ ይሰረዛል። ፎልደሩ ፕሮግራም ፋይልስ ውስጥ ከቀረ ላውንቸሩን ከሰዓቱ አጠገብ ካለችው ምልክቱ ጭምር ዝጊውና በእጅ አጥፊው።

ብዙ ሰው የማያየው አይዲኤም የሚባለውን የፋይል ማውረጃ ፕሮግራም ነው። እኛ አካባቢ ያለ እሱ የሚያወርድ ጥቂት ነው። ያላለቁ ቁርጥራጮች ዳውንሎድስ ፎልደር ውስጥ አይቀመጡም። ሲ ድራይቭ ላይ አፕዳታ የሚባል የተደበቀ ፎልደር ውስጥ ነው የሚከማቹት። ማስቀመጫውን ዲ ድራይቭ ብታደርጊው እንኳ ማውረዱ እስኪያልቅ የሚሞላው ሲ ነው። ሰው ዲን ፈልጎ፣ ዳውንሎድስን ፈልጎ ምንም ሲያጣ «ቫይረስ ነው» ይላል። አይደለም። አይዲኤምን ክፈቺ፣ አንፊኒሽድ የሚለውን ምረጪ፣ የማይፈለገውን ከዝርዝሩ ሰርዢ፤ ቁርጥራጮቹ አብረው ይሄዳሉ።

ከመሰረዝሽ በፊት ግን አንድ ነገር ሞክሪ። «ሊንኩ ሞቷል» ተብሎ የተተወ ትልቅ ፋይል ካለ ራይት ክሊክ አድርገሽ ሪፍሬሽ ዳውንሎድ አድሬስ በዪው። ገጹን ይከፍትልሻል፤ ማውረጃውን እንደገና ስትጫኚ አዲሱን ሊንክ ይወስዳል። ድረ ገጹ የሚፈቅድ ከሆነ ካቆመበት ይቀጥላል። እንደሞተ ተቆጥሮ የነበረ ፋይል በዚህ መንገድ ሲጨርስ ማየት በጣም ደስ ይለኛል።

በቶረንት (ፋይሉን ከሌሎች ሰዎች ኮምፒውተር በሚያወርደው መንገድ) የወረደ ከሆነ ስትሰርዢ «ፋይሉም አብሮ ይጥፋ?» የምትል ሳጥን አለች፤ ምልክት አድርጊባት። ካላደረግሽ ከዝርዝሩ ብቻ ነው የሚወጣው፤ ፋይሉ ዲስክሽ ላይ ይቀራል። ክሮምና ኤጅ ያላለቀ ፋይልን መጨረሻው ላይ «ሲአርዳውንሎድ» ይሉታል፣ ፋየርፎክስ «ፓርት» ይለዋል። እየወረዱ አለመሆናቸውን አይተሽ አጥፊያቸው።

በእጅ ያጠፋሽው ሁሉ ሪሳይክል ቢን ውስጥ ስላለ እሱን ባዶ ሳታደርጊ ቦታው አይመለስም። ከዚያ የዊንዶውስ ሴቲንግስ፣ ሲስተም፣ ስቶሬጅ ግቢና ቴምፖራሪ ፋይልስን አጽጂ። እዚህ ጋ ተጠንቀቂ። ዝርዝሩ ውስጥ «ዳውንሎድስ» የሚል ሳጥን አለ። እሱ ላይ ምልክት ካለ ዳውንሎድስ ፎልደርሽን ሙልጭ አድርጎ ያጠፋዋል። ለመመረቂያሽ የሰበሰብሻቸው ፒዲኤፎች እዚያ ከሆኑ አለቀልሽ። ምልክቱን አንሺው።

ለወንድምሽም ይህን ንገሪልኝ። ስቲም ጌሙን በትንንሽ ቁርጥራጭ ነው የሚያወርደው። መብራት ቢሄድበትም የወረደው አይጠፋም፤ ሲመለስ ሪዙም ይበለው እንጂ ሌላ ጌም አይጀምር። አንዱ ሳያልቅ ሁለተኛው አይነካ። የተጫኑ ጌሞች አፕዴትም በሴቲንግስ ውስጥ የሌሊት ሰዓት ይመደብለት፤ ቀን አንቺ ኢንተርኔቱን ትሠሪበታለሽ።

ከሁሉ የሚሻለው ግን ከጓደኛ መገልበጥ ነው። ከ2023 ጀምሮ ስቲም በአንድ ዋይፋይ ላይ ካሉ ሁለት ኮምፒውተሮች አንዱ ከሌላው ጌም እንዲቀዳ ይፈቅዳል፤ ፓኬጅ ከሞላ ጎደል አይነካም። ዋይፋይ ከሌለ ደግሞ የጓደኛውን የጌም ፎልደር ከ«ኮመን» በሃርድ ዲስክ ገልብጦ የራሱ «ኮመን» ውስጥ ያስቀምጥና ኢንስቶል ይበል። ስቲም ያለውን ፋይል አይቶ የጎደለውን ብቻ ያወርዳል። ጌሙ ነፃ ወይም በእሱ አካውንት የተገዛ መሆን አለበት። ጌሙ ያለው ጓደኛ ደሴ ከሆነም ሃርዱን ይዞ በሚኒባስ መውጣት 40 ጊጋ ከማውረድ ይረክሳል።

256 ጊጋ ላይ ቢያንስ 30 ጊጋ ባዶ ይቅር፤ ዊንዶውስም አፕዴት ሲያደርግ ቦታ ይፈልጋል። ይህን ሁሉ አድርገሽ ቦታው ካልተመለሰ የስቶሬጅ ገጹን ፎቶ አንስተሽ እዚሁ ላኪው፤ የቱ እንደያዘው አይቼ እነግርሻለሁ።