ማታ ማታ የሚገድል ሐይቅ

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ እንደምን ሰነበቱ? ደሴ የምኖር የ11ኛ ክፍል ተማሪ ነኝ። ልብ ወለድ ጀምሬያለሁ። ታሪኩ የሚካሄደው «ጸዳል» ብዬ በሰየምኳት የፈጠራ ፕላኔት ላይ ነው። ስበቷ የምድርን እጥፍ ነው። አንድ ሰማያዊ ሐይቅ አለባት። ቀን እንስሳቱ በሰላም ይጠጡበታል፣ ማታ የቀረበው ግን ሳይቆስል፣ ሳይጮህ ሞቶ ያድራል። የተበላሸ እንቁላል ይሸታል። ከብዙ ዘመን አንዴ ደግሞ ሸለቆውን በሙሉ ይጨርሳል። ወንድሜ «ይሄማ ተረት ነው» አለኝ። እውነት ሊሆን አይችልም? ምክንያቱን ከጻፍኩስ ምስጢሩ አይጠፋም?

መልስ፦ ልጄ፣ ወንድምሽ ተሳስቷል። የአንቺን የሚመስል ሐይቅ እዚሁ ምድራችን ላይ አለ።

ካሜሩን ውስጥ ነው፣ ኒዮስ ይባላል። በጥንት እሳተ ገሞራ አፍ ላይ የተኛ ሲሆን ጥልቀቱ ከ200 ሜትር ያልፋል። ነሐሴ 1978 ዓ.ም. አንድ ማታ፣ ከሥሩ ሲጠራቀም የኖረውን ካርቦን ዳይኦክሳይድ በአንድ ጊዜ ለቀቀው። ይህ ጋዝ ከአየር አንድ ተኩል እጥፍ ያህል ይከብዳል፤ ስለዚህ ወደ ሰማይ መውጣቱን ትቶ ሸለቆ ሸለቆውን ይዞ ቁልቁል ወረደ። ከ1,700 በላይ ሰው አለቀ፣ ከብቱም በሺህ የሚቆጠር ነው። ብዙዎቹ ከሐይቁ ኪሎ ሜትሮች ርቀው፣ ቤታቸው ውስጥ ነበሩ። ቤት አልፈረሰም፣ ዛፍ አልተቃጠለም። ሰማያዊው ውሃ ግን ቀልቶ ተገኘ፤ ከታች የወጣው ብረት የበዛበት ውሃ አየር ሲያገኘው ስለዛገ ነው። ይህቺን ቀለም ለታሪክሽ ውሰጃት።

አሠራሩ እንዲህ ነው። የአምቦ ውሃ ጠርሙስ አስቢ፤ ክዳኑ ካልተከፈተ ጋዙ ውሃው ውስጥ ሟሙቶ ዝም ይላል። ሐይቁን የሚከድነው ከላይ የተጫነው የራሱ ውሃ ነው። በምድር ላይ በየ10 ሜትሩ ጥልቀት አንድ ተጨማሪ የከባቢ አየር ግፊት ይጨመራል፣ ግፊት በበዛ ቁጥር ደግሞ ብዙ ጋዝ ይሟሟል። ስበቱ እጥፍ በሆነበት በጸዳል፣ በዚያው ጥልቀት የውሃው ጫና እጥፍ ይሆናል። ስለዚህ ሐይቅሽ ከኒዮስ እጥፍ ያህል ጋዝ ሊሸከም ይችላል ማለት ነው። ስበቱን ለጌጥ ያስገባሽው ከሆነ አሁን ሥራ አግኝቷል።

ግን ጋዙ ለምን በየዓመቱ ትንሽ በትንሽ እየወጣ አያልቅም? ብርድና ሙቀት በሚፈራረቅበት አገር የላዩ ውሃ ቀዝቅዞ ይከብዳል፣ ይሰምጣል፣ የታቹን ያናውጠዋል። ኒዮስ ያለው ከምድር ወገብ ብዙም በማይርቅ ሞቃት አገር ነው፤ ላይኛው ውሃ ሞቃትና ቀላል እንደሆነ ይኖራል፣ ታችኛውን የሚነካው የለም። አንቺ ደግሞ ከዚህም ብሰሽ መሄድ ትችያለሽ። የምድር ዘንግ 23.5 ዲግሪ ያህል ስላዘነበለ ነው ወቅቶች የሚፈራረቁት። የጸዳልን ዘንግ ቀጥ አድርጊውና ክረምትም በጋም አይኑራት፤ ያኔ ሐይቁ ለዘመናት ሳይናወጥ ይጠራቀማል።

የማታው ሞት ሌላ ጉዳይ ነው፣ እሱም ምስክር አለው። ኮንጎ ውስጥ በጎማ ከተማ አካባቢ ይኸው ጋዝ ከመሬት እየወጣ ጎድጓዳ ቦታ ላይ ይተኛል። ቀን ፀሐይና ነፋስ ይበትኑታል፣ ማታ አየሩ ሲረጋ ይከማቻል፣ የገባ እንስሳም ይሞታል። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በይ። ጋዙ ከመሬት ጀምሮ ነው የሚሞላው። አጭሩ እንስሳ ሲወድቅ ረጅሙ ምንም ሳይሆን ሊያልፍ ይችላል። መሬት ላይ የተኛ ልጅ ይሞታል፣ እናቱ ጀርባ ላይ የታዘለው ይተርፋል። እኔ ብሆን ምዕራፍ አንድን ከዚህ ነበር የምጀምረው።

የእንቁላሉን ሽታ ግን አውጪው። ካርቦን ዳይኦክሳይድ ሽታም ቀለምም የለውም። ያንን የሚሸተው ሃይድሮጅን ሰልፋይድ የሚባል ሌላ መርዝ ነው። ደግሞስ የሚሸት ነገር ሲመጣ እንስሳው ይሸሽ የለ? ሐይቅሽን የሚያስፈራው አለመሽተቱ ነው።

ራቅ ሳትዪም የምታጠኚው አለሽ። ከኮምቦልቻ በባቲ አድርገሽ ስትወርጂ አፋር ነው፤ ወደ ሰሜን ርቆ ደግሞ፣ ከባሕር ወለል ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ያለው ዳሎል አለ። እዚያ ቢጫና አረንጓዴ የአሲድ ኩሬዎች አሉ። በአጠገቡ ገኢታሌ የሚባለው ኩሬ በምድር ላይ ከሚታወቁት ውሃዎች ሁሉ ጨዋማው ነው፤ ዳር ዳሩ ላይ የሞቱ ወፎች ይገኛሉ። ፎቶውን ፈልጊና እዪ፣ ሌላ ፕላኔት ነው የሚመስልሽ። ይህን ያነበበ የደሴ ሰው ደግሞ ስለ ሐይቃችን ስለ ሎጎ ሐይቅ እንዳይሰጋ፤ እንዲህ ያለ ጋዝ ያመቁ ተብለው የሚታወቁት ኒዮስ፣ እዚያው ካሜሩን ያለው ሞኑንና በኮንጎና በሩዋንዳ መሐል ያለው ኪቩ ናቸው።

ምስጢሩ ይጠፋል ወይ ላልሽው፣ አይጠፋም። እኔ እንዲያውም ምክንያት የሌለው አስፈሪ ነገር ቶሎ ይሰለቸኛል፤ ደራሲው ሲፈልግ ይገድላል፣ ሲፈልግ ይተዋል። ሕግ ያለው ግን ያስጨንቃል። አንባቢሽ ሐይቁ ለምን እንደሚገድል ይወቅ፣ የሚፈነዳበትን ቀን ግን ማንም አይወቅ። የሸለቆው ሰዎች ደግሞ ምልክቱን አውቀው ምክንያቱን ይሳቱ። እሳቱ ከምድጃው ላይ ድንገት ሲጠፋ ልጆቻቸውን አዝለው ወደ ኮረብታ ይሩጡ፣ ለምን እንደሆነ ግን እያንዳንዱ ቤት የራሱን ይናገር።

መጨረሻ ካጣሽለትም አለ። በ1993 ዓ.ም. ኒዮስ ላይ እስከ ጥልቁ የሚወርድ ቧንቧ ተተከለ። መጀመሪያ ብቻ ትንሽ ውሃ ይሳባል፣ ከዚያ ጋዙ ራሱ ውሃውን እየገፋ ያወጣዋል፣ ሞተር አይፈልግም። ጸዳል ላይም ይሠራል። የሚቀርሽ በጀልባ ሐይቁ መሐል ገብቶ ቧንቧውን የሚያወርደው ማን እንደሆነ መወሰን ነው።