ከኮምፒውተሩ በፊት አሸዋውን እወቁት

ጂኦፊዚክስ ተምራችሁ ሥራ ልትጀምሩ ለተነሣችሁ ልጆች፤

በቅርቡ ከእናንተ አንዱ ቤቴ መጥቶ የሴይስሚክ ምስል፣ ማለትም ከመሬት ንዝረት የተሠራ ምስል፣ በላፕቶፑ አሳየኝ። ቀዩና ሰማያዊው እንደ ጥለት ተደርድሯል፤ ያምራል። «ይኸው፣ የከርሰ ምድር ፎቶግራፍ» አለኝ። እኔም በእሱ ዕድሜ ፎቶግራፍ መስሎኝ ነበር፤ መዘዙን ልንገራችሁ።

ሥራችን መሬትን መምታትና መልሱን ማዳመጥ ነው። ወይ ዳይናማይት እናፈነዳለን፣ ወይ ከባድ መኪና የብረት ሰሌዳውን መሬት ላይ ተጭኖ ያንቀጠቅጣል። ንዝረቱ ወደ ታች ሲወርድ፣ የዐለቱ ክብደትና ሞገድ የማሳለፍ ፍጥነቱ በተለወጠበት ወሰን ሁሉ ከፊሉ ተመልሶ ይመጣል። በመስመር የተተከሉት ጂኦፎኖች፣ ማለትም ትንንሾቹ የንዝረት መቀበያዎች፣ ይቀበሉታል። እነሱ የሚነግሩን ንዝረቱ ደርሶ የተመለሰበትን ጊዜ በሚሊ ሴኮንድ ነው፤ ጥልቀቱን አይነግሩንም። ጊዜውን ወደ ሜትር የምንለውጠው እኛ ነን፤ ስሕተቱም የሚገባው እዚያ ላይ ነው።

ነገሩ የሆነው ኦጋዴን ውስጥ ነው። አንድ የጂኦፎን መስመር ከአንድ ሰፊ ደረቅ ወንዝ ተነሥቶ ሌላ ደረቅ ወንዝ ላይ ያልቃል። መረጃው ተዘጋጅቶ ሲመጣልኝ መሐሉ ላይ የዐለት ንጣፎቹ እንደ አክንባሎ ጎበጥ ብለው አየሁ። ነዳጅ ዘይትና ጋዝ የሚጠራቀመው እንዲህ ያለ ጉብታ ሥር ነው፤ አክንባሎው እንፋሎቱን እንደሚይዝ፣ ከላይ ያለው የማያሳልፍ ዐለት ይይዘዋል። ሌሊቱን ሳልተኛ ካርታ ሠራሁ። የጉድጓዱን ቦታ ሳይቀር በቀይ እርሳስ ምልክት አደረግሁበት።

ጠዋት ለቀያሾቹ አለቃ አሳየሁት። ዲግሪ የለውም፤ ዕድሜውን ግን በዚያ ሜዳ ላይ ነው የጨረሰው። ካርታውን እንኳ አልነካም። «ልጄ፣ ይህን መስመር በእግርህ ሄደኸዋል?» አለኝ። በላንድክሩዘር ነበር ያየሁት፣ ያውም ከሩቅ።

ከዚያ በኋላ ቁጭ ብዬ አሰላሁ። ወንዞቹ ውስጥ 30 ሜትር ያህል ልል አሸዋ አለ። በእንዲህ ያለ አሸዋ ንዝረት በሴኮንድ 600 ሜትር ገደማ ነው የሚሄደው፤ ያን ርቀት ለማለፍ 50 ሚሊ ሴኮንድ ይፈጅበታል። በመሐሉ ባለው ዐለት በሴኮንድ 3000 ሜትር ስለሚሄድ 10 ይበቃዋል። ልዩነቱ 40፣ ሲወርድና ሲመለስ 80 ሚሊ ሴኮንድ ይሆናል። ታች ባለው 4000 ሜትር በሴኮንድ በሚያሳልፍ ዐለት ሲመነዘር፣ መንገዱ ደርሶ መልስ ስለሆነ በግማሹ፣ 160 ሜትር ነው። የእኔ አክንባሎ ቁመት ይኸው ነበር! ጉብታው ከአሸዋው የተሠራ ነው። ምልክቱም ዐይኔ ሥር ነበር፤ ከላይ እስከ ታች ያሉት ንጣፎች ሁሉ ልክ በወንዞቹ ሥር፣ በእኩል መጠን ጎድጉደዋል። መሬት እንዲህ እኩል የምትታጠፍበት ጊዜ ጥቂት ነው። የአንድ ጥልቅ ጉድጓድ ወጪ በሚሊዮን ዶላር እንደሚቆጠር አስቡት፤ እኔ አሁንም ሳስበው ላብ ይለኛል።

አሸዋው ያመጣው መዘግየት በስሌት ቢታረምም፣ በመጥፎ የተተከለ ጂኦፎንን የሚያድን ኮምፒውተር የለም። ጂኦፎን ማለት ማግኔትና በስፕሪንግ የተንጠለጠለ የሽቦ ጥቅል ነው። የላዩን ልል አሸዋ በእጃችሁ ትጠርጋላችሁ፣ እርጥበት ያለው ጠጣር አፈር ላይ ስትደርሱ ሹሉን ቀጥ አድርጋችሁ ትጫኑታላችሁ፣ ገመዱ ነፋስ እንዳያወዛውዘው በአፈር ትሸፍኑታላችሁ። ከተዘነበለ ወይም ከላላ የሚቀዳው ነፋሱንና የግመሉን ኮቴ ነው። በቀን መቶዎችን ስትተክሉ ወገባችሁ ይቆረጣል፤ ያን ጊዜ ነው ሰው የሚሰንፈው።

ምስሉ ቢጠራም እንኳ አትመኑት። ትንሽ ጋዝ ከውሃ ጋር የተቀላቀለበት ዐለት ብዙ ጋዝ እንዳለበት ያህል ደምቆ ይታያል። ቁርጡ የሚታወቀው ሲቆፈር ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጀመሪያ ኦጋዴን ውስጥ ካሉብ ላይ ጋዝ ተገኘ፤ እ.ኤ.አ. በ2013 ደቡብ ኦሞ ውስጥ ሳቢሳ ላይ የተቆፈረው ጉድጓድ ግን ለንግድ የሚበቃ ነዳጅ አላስገኘም። ደጋው ላይ ደግሞ ባዛልቱ፣ ከእሳተ ገሞራ የወጣው ጥቁር ዐለት፣ ራሱ ሌላ ጣጣ ነው፤ ንዝረቱን ይበትነዋል፣ ከሥሩ ያለው ደለል ዐለት እንደ ጭጋግ ይሆንባችኋል።

ነዳጅ ብቻ እንዳትሉ። በመዶሻ መሬት እየመታችሁ በጥቂት ጂኦፎኖች የውሃ ጉድጓድ ቦታ መምረጥ፣ የግድብ መሠረት ማየት ትችላላችሁ። በውሃ የተሞላ ደለል ከ1500 ሜትር በሴኮንድ በላይ ያሳልፋል፣ ከላዩ ያለው ደረቅ አፈር ከዚያ በጣም ያነሰ፤ ልዩነቱ ራሱ ውሃው የት እንደሚጀምር ይናገራል። እኔ ከጡረታ በኋላ የምሠራው ይህንኑ ነው፤ የነዳጁን ያህል አያስጎመጅም፣ እንቅልፍ ግን ይሰጣል።

መስክ በደረሳችሁበት የመጀመሪያ ቀን ቢሮ ስጡን አትበሉ። ለቡድኑ አለቃ ጂኦፎን መትከል እንደምትፈልጉ ንገሩት፤ ይስቅባችኋል፣ ይሳቅ። ውሃ ያዙ፣ ባርኔጣም አድርጉ፤ ደረቅ ወንዝ ስታቋርጡ ደግሞ ማስታወሻችሁን አውጥታችሁ ከስንተኛው ጂኦፎን እስከ ስንተኛው እንደሆነ ጻፉ።